ፍሪጅ ውስጥ የተቀመጠ የመኪና ቁልፍ

"አቦ፣ ነፍሰ ገዳዮቹን በዓይንህ አየሃቸው?"

ትናንት ከድሬዳዋ፣ ከከዚራ ሰፈር ልጆች በቴሌግራም የደረሰኝ የድምፅ መልእክት ነው። በርጫ ላይ ናቸው፣ ከኋላ ሳቁ ይሰማል። አሜሪካ የወንጀል ዘጋቢ ፊልም ካሜራማን ነኝ ስላልኩ ከፖሊስ ኋላ የምሮጥ መስሏቸዋል። ወላሂ፣ በ7 ዓመት አንድም ነፍሰ ገዳይ አላየሁም። የምቀርጸው ባዶ ኮሪደር፣ የበር እጀታ፣ ሌሊት መብራት የበራበት መስኮት ነው። ደሙ የበቆሎ ሽሮፕና የምግብ ቀለም። ገዳዩ ሆኖ የሚተውነውም ፊቱ አይታይም፣ እጅና ጫማው ብቻ። በሴኮንድ 60 ፍሬም እንቀርጽና በ24 ሲለቀቅ እርምጃው ይጎተታል፣ ተመልካች ይፈራል። አንድ ቀን ተዋናዩ ቀርቶ ጓንት አጥልቄ ገዳይ የሆንኩት እኔው ነኝ። ለእማዬ አልነገርኳትም።

የኦሃዮዋ ሴትዮ ግን ከውስጤ አልወጣ አለች።

ልጇ የተገደለባት እናት ናት። ቤቷ ገብተን ሰላምታውን እንኳን ሳንጨርስ ድምፅ የሚቀዳው ልጅ የፍሪጁን ሶኬት ነቀለና የመኪናውን ቁልፍ ፍሪጁ ውስጥ አስቀመጠ። (ድምፁ ቀረጻውን እንዳይረብሽ ነው የሚነቀለው፤ ቁልፉ ደግሞ ሲወጣ መልሶ መሰካቱን እንዳይረሳ። ብልሃቱስ ብልሃት ነው።) ሶፋዋን ገፋን፣ ወረቀት አስፈረምናት፣ ፊቷን ፓውደር ቀቧት። ስለ ልጇ የመጨረሻ ቀን ስትናገር አውሮፕላን አለፈ። "ይቅርታ፣ በሩን ከከፈትሽበት ጀምረሽ ድገሚልን" ተባለች። ደገመችው፣ ያንኑ። የፊቷን ካሜራ የያዝኩት እኔ ነበርኩ፤ ዓይኔ ሞላና ፎከሱ አመለጠኝ። ጆሮዋ ጠርቶ ዓይኗ ደበዘዘ። ይባስ ብሎ፣ መጨረሻ ላይ የክፍሉን ጸጥታ ለመቅዳት 30 ሴኮንድ ዝም ስንል አፌ አምልጦኝ "እግዜር ያጥናሽ" አልኩ። በአማርኛ!

ዳይሬክተሩ፣ ያውም በዕድሜ ታናሼ፣ እሷው ፊት "ለማልቀስ ነው የምንከፍልህ?" አለኝ።

ድሬዳዋ በ1998ቱ የደቻቱ ወንዝ ጎርፍ ጊዜ ለቅሶ ቤት ካሜራ ይዤ ስገባ አንዲት እናት "ልጄ፣ መጀመሪያ ቁጭ በል" ብለው ቡና ሰጡኝ። ካሜራውን ሳልከፍት ወጣሁ። እኛም ቢሆን ንጹሕ አይደለንም፤ ሰርግ ላይ ሙሽራዋን ጉርሻዋን ሦስት ጊዜ ያስደገምኳት እኔው ነኝ።

"ካሜራዬን ይዤ ልምጣ?" የምትሉኝ የሳቢያን ልጆች፣ የድሬ ሰርግ ቪዲዮ እዚህ የሥራ ልምድ አይባልም። መጀመሪያ ኬብል ትጠቀልላላችሁ። ክፍያው በቀን ነው፤ ፊልሙ ሲያልቅ ስልኩም ዝም ይላል፣ ያኔ ታክሲ ትነዳላችሁ። ደግሞ የቤቱ ሰው ምግብ ካቀረበ ብሉ። ኦሃዮ ያን ቀን ቁልፉን እንዳመጣ ተልኬ ፍሪጁን ስከፍተው፣ ሴትዮዋ ለሁላችንም ሳንድዊች ሠርታ በላስቲክ ሸፍናለች። ማንም አልነካውም፣ ሰዓት አልፏል ተባለ። እኔ ቆሜ ሁለት በላሁ፣ እሷም አጠገቤ ቆማ አንድ በላች።