በሁለት ፈረቃ መሀል የሚደርስ ሥጋ በግሬቪ

ስደት ላይ ያሉ ባልና ሚስት ብዙ ጊዜ የሚገናኙት በር ላይ ነው። እኔ ከሥራ ስገባ ባለቤቴ ለሌሊት ፈረቃ ልትወጣ ትዘጋጃለች። በመሀል ያለችን አንድ ሰዓት ገደማ ናት። በዚያች ሰዓት የልጆቹ የቤት ሥራ ይታያል፣ የመጣው ደብዳቤ ይከፈታል፣ የጠፋ የመኪና ቁልፍ ይፈለጋል፣ እራትም ይበላል። ለጥቂት ጊዜ ፒዛ እያዘዝን ልንገፋው ሞክረን ነበር። ኪሳችንም ሆዳችንም አልቻለውም።

እናም የማታው ወጥ ቤት የኔ ሆነ። ሌሊቱን በሙሉ ቆማ የምታድር ሴት እራት ሥሪ አትባልም። በዚህ ላይ ክርክር አልነበረም። ክርክሩ የነበረው ምን ይሠራ በሚለው ላይ ነው። ትልቁ ልጅ የሚወደውን ትንሿ አትነካም። ባለቤቴ ደግሞ ይዛው የምትሄደው፣ ለሊት እረፍቷ ላይ ማይክሮዌቭ ውስጥ ገብቶ የማይደርቅ ነገር ትፈልጋለች። ይህን ሁሉ ሞክሬ ቤቱን ያስማማው ሥጋ በግሬቪ ነው። በስሱ የተቆረጠ የበሬ ሥጋ፣ ሽንኩርት፣ እንጉዳይ፣ ከላይ ወፈር ያለ ቡናማ መረቅ። ምድጃው ከበራ በግማሽ ሰዓት ውስጥ፣ ቢበዛ በአርባ ደቂቃ ይደርሳል። የሚታጠበውም አንድ መጥበሻ ብቻ ነው። ይሄንን ደግሞ አትናቁት።

ያስተማሩኝ የምሠራበት ሕንፃ ካፍቴሪያ ውስጥ ምግብ የሚያበስሉ አንዲት ትልቅ ሴትዮ ናቸው። እሳቸውም እንደኔ ከሌላ አገር የመጡ ናቸው። በእንግሊዝኛ እኔም ብዙ አልልም፣ እሳቸውም ብዙ አይሉም፤ የምግብ ነገር ሲነሣ ግን እንግባባለን። ግሬቪያቸው ለምን እንዲህ እንደሚጣፍጥ ስጠይቃቸው ዝም ብለው ሥጋ የወጣበትን መጥበሻ አዘነበሉልኝ። ታቹ ላይ ቡናማ ነገር ተጣብቋል። ሌላ ሰው ቢያየው ለማጠብ ይጣደፋል። እሳቸው ትንሽ መረቅ ጠብ አደረጉበትና በእንጨት ማንኪያ ፋቅ ፋቅ አደረጉት። ወዲያው ቀለሙ ተለወጠ፣ ሽታው ተነሣ። በቃ፣ ትምህርቱ ይኸው ነበር። ግሬቪ የሚጣፍጠው ከዚያ ነው። ፓኬት ውስጥ የሚሸጠው ዱቄት ቀለሙንና ጨውነቱን ይሰጣችኋል፤ ያንን ጣዕም ግን አያመጣውም።

ታዲያ ያ ቡናማ ነገር እንዲመጣ መጀመሪያ ሥጋው ትክክለኛ መሆን አለበት።

ሱፐርማርኬት ስትገቡ ሥጋው በፕላስቲክ ታሽጎ፣ ስሙ ተለጥፎበት ነው የሚጠብቃችሁ። ቸክ፣ ራውንድ፣ ሰርሎይን፣ ብሪስኬት። ለስደተኛ ይህ ራሱን የቻለ ፈተና ነው። ርካሹንና ወፍራሙን አንሥቶ መሄድ ይቀናል። በተለይ «ስቱ» ተብሎ ተቆራርጦ የተዘጋጀው ያታልላል፤ የተቆረጠ ስለሆነ ቶሎ የሚበስል ይመስላል። አይደለም። ብዙውን ጊዜ ከቸክ የተቆረጠ ነው። ቸክ ደግሞ የከብቱ ትከሻ አካባቢ ነው፤ ሲሠራ የዋለ ጡንቻ ነው፣ ጅማትና ስስ ሽፋን ይበዛዋል። ያንን የሚያለሰልሰው ጊዜ ነው። በትንሽ እሳት ሁለት ሰዓት ከዚያም በላይ ሲቆይ ጅማቱን የሚያጠነክረው ኮላጅን ወደ ለስላሳው ጄላቲን ይለወጣል፣ ሥጋው በማንኪያ ይቆረጣል፣ መረቁም ራሱ ይወፍራል። ድንቅ ነገር ነው፣ ግን የቅዳሜ ነገር ነው። በሥራ ቀን ማታ በሠላሳ ደቂቃ ላብስለው ካላችሁ እንደ ጎማ ስታኝኩት ታመሻላችሁ።

ለሥራ ቀን የሚሆነው ሰርሎይን ወይም በአጭር ጊዜ የሚጠበስ ሌላ ለስላሳ ብልት ነው። በኪሎ ይወደዳል። ነገር ግን በስሱ ስለሚቆረጥና ከሽንኩርቱና ከእንጉዳዩ ጋር ስለሚበላ ትንሹ ብዙ ሰው ያጠግባል። እኔ ለአራት ሰው 700 ግራም ያህል እይዛለሁ፤ አንዳንዴም ለነገ ይተርፋል።

አቆራረጡ ላይ ሁለት ነገር አለ። አንደኛው፣ ሥጋውን ከመቁረጣችሁ በፊት ለሃያ ወይም ለሠላሳ ደቂቃ ፍሪዘር ውስጥ አስገቡት። መጠንከር ሲጀምር ቢላው አይንሸራተትም፣ እንደ ወረቀት ቀጭን አድርጋችሁ ባትቆርጡትም ወደዚያ ይጠጋል። እኔ ጫማዬን ሳላወልቅ ነው የማስገባው። ሁለተኛው፣ ሥጋውን ቀረብ ብላችሁ እዩት። ክሮቹ በአንድ አቅጣጫ ተኝተው ይታያሉ። ቢላው እነሱን አቋርጦ መሄድ አለበት። በክሩ አቅጣጫ ከቆረጣችሁት ረጅሙን ክር የሚቆርጠው ጥርሳችሁ ይሆናል፤ አቋርጣችሁ ከቆረጣችሁት ግን ሥራውን ቢላው ጨርሶላችኋል። ትንሿ ልጄ ሥጋ አፏ ውስጥ እያገላበጠች መቀመጥ የተወችው ይህን ከጀመርኩ ወዲህ ነው።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው የሚያልፈው ነገር፦ ማድረቅ። የተቆረጠውን ሥጋ በወጥ ቤት ወረቀት ጠቅ ጠቅ አድርጋችሁ እርጥበቱን አውጡ። ለምን? መጥበሻው ላይ ውሃ እስካለ ድረስ የሥጋው ላይኛ ክፍል ከ100 ዲግሪ ሴልሺየስ ብዙም አያልፍም። ሥጋ በደንብ ቡናማ መሆን የሚጀምረው ደግሞ ወደ 140 ዲግሪ ሲጠጋ ነው። እርጥብ ሥጋ እንግዲህ መጀመሪያ ይቀቀላል፣ ግራጫ ይሆናል፣ ውሃ ይለቃል፣ በራሱ ውሃም ይንተከተካል። ታቹ ላይ የሚጣበቅ ነገር የለም። የሚፋቅ ከሌለ ደግሞ ግሬቪውም ዱቄት ያለበት ውሃ ነው።

በዚሁ ምክንያት መጥበሻውን አትጨናንቁት። ጊዜ የለኝም ብሎ ሁሉን በአንዴ መዘርገፍ ያምራል፣ አውቃለሁ። ግን በሁለት ዙር መጥበሱ ይፈጥናል እንጂ አይዘገይም፤ ምክንያቱም የለቀቀው ውሃ እስኪደርቅ መጠበቅ የለባችሁም። ዘይቱ በደንብ ይሙቅ። ሥጋው ሲገባ ካልጮኸ ገና ነው ማለት ነው። ከገባ በኋላ እጃችሁን ሰብስቡ። አንድ ደቂቃ፣ አንድ ተኩል ሳትነኩት ይቆይ፣ ከዚያ ገልብጡት፣ ትንሽ ቆይታችሁ ወደ ሳህን አውጡት። ውስጡ ጨርሶ ባይበስል አትጨነቁ፣ ተመልሶ ይገባል። መጥበሻው ብረት ቢሆን ይመረጣል፤ የማይዝ የሚባለው መጥበሻ ስሙም እንደሚለው አይዝም፣ እኛ ደግሞ የምንፈልገው እንዲይዝ ነው።

ስለ ጭሱ ላስጠንቅቃችሁ። አፓርታማ ውስጥ የምትኖሩ ሰዎች የጭስ ማንቂያውን ጉዳይ ታውቁታላችሁ። መስኮቱ ይከፈት፣ የምድጃው አየር ማውጫ አስቀድሞ ይብራ፣ የመኝታ ቤቱ በር ይዘጋ። እኛ ቤት ትልቁ ልጅ ማንቂያው ሥር ቆሞ በፎጣ ማራገብን እንደ ሥራ ይዞታል። «አባዬ፣ ሥጋ ነው?» ይልና ፎጣውን ይዞ ይመጣል።

ከዚህ በኋላ ያለው ሩጫ አይደለም። እሳቱን ቀነስ አድርጉት። አንድ ትልቅ ሽንኩርት በቀጭን ተቆርጦ በዚያው መጥበሻ፣ በትንሽ ቅቤ ይቁላላ። 250 ግራም ያህል እንጉዳይ ይከተለው። እንጉዳይ ውሃ ስለሚለቅ ከታች የተጣበቀውን ማላቀቅ ይጀምርላችኋል። ውሃው ደርቆ እንጉዳዩ ራሱ ቀለም እስኪይዝ ጠብቁ። ነጭ ሽንኩርት የሚገባው መጨረሻ ላይ ነው፤ ቶሎ ያራል፣ ሲያር ይመራል።

ከዚያ 3 የሾርባ ማንኪያ የስንዴ ዱቄት ላዩ ላይ ነስንሱና አንድ ሁለት ደቂቃ አማስሉት። ይህቺ ደቂቃ አትዘለል። ካልቆየ ግሬቪው ጥሬ ዱቄት ጥሬ ዱቄት ይላል፣ ያንን ደግሞ ምንም ቅመም አይሸፍነውም። ዱቄቱ ቅቤውን ጠጥቶ ሲያበቃ የሥጋ መረቁን (በኩብ የተሠራም ይሆናል) አስገቡ። አጠቃላዩ ግማሽ ሊትር ነው፣ ግን በአንዴ አይደለም። መጀመሪያ ጭልፋ የማይሞላ። ፋቁ፣ አማስሉ፣ ወፍሮ ሊጥ ሲመስል ሌላ ጨምሩ። እንዲህ ሲገባ አይጓጉልም። የመጥበሻው ታች በማንኪያው ስር ሲለሰልስ በእጃችሁ ይታወቃችኋል፤ ከዚያ ወዲያ የቀረውን በሙሉ መገልበጥ ትችላላችሁ።

ዱቄት የማይስማማው ሰው ካለ የበቆሎ ስታርች ይሆናል፤ መጠኑ የዱቄቱ ግማሽ ነው። እሱ ግን አይነሰነስም። በቀዝቃዛ ውሃ በጥብጣችሁ፣ መረቁ ከፈላ በኋላ እያማሰላችሁ ነው የምታፈሱት። ደረቁን ስታርች ትኩስ መረቅ ላይ ብትጨምሩት ላዩ ወዲያው ይበስልና ውስጡ ደረቅ እንደሆነ ይጓጉላል። ወፍሮ ከታየ በኋላም ብዙ አታፍሉት፣ ተመልሶ ይቀጥናል።

አንድ የሾርባ ማንኪያ ወስተርሸር ሶስ (ጎምዘዝ ያለ የእንግሊዝ ማጣፈጫ) ወይም ትንሽ አኩሪ አተር ሶስ ካለ ጥሩ ነው፣ ከሌለም ዓለም አያልፍም። ቁንዶ በርበሬ በደንብ። ጨው ግን መጨረሻ ላይ። ኩብ መረቅ ራሱ ጨዋማ ነው፣ ሲንተከተክ ደግሞ ይበልጥ ይጠናከራል። አምስት ስድስት ደቂቃ ሲንተከተክ ይበቃዋል። ከምትፈልጉት ትንሽ ቀጠን እንዳለ አቁሙት፤ ሳህን ላይ ሲበርድ ይወፍራልና።

ሥጋው የሚመለሰው አሁን ነው፣ ሳህኑ ላይ ከለቀቀው ፈሳሽ ጋር። ፈሳሹን መታጠቢያ ላይ የሚደፋ ሰው አይቼ አውቃለሁ፤ ልቤ ነው የደማው። አንድ ሁለት ደቂቃ እስኪሞቅ ብቻ፣ ከዚያ አጥፉት። ሩዝ፣ ድንች፣ ፓስታ፣ ቤት ያለው ሁሉ ይችለዋል።

ሥጋ መቁረጥም የሚሰለችበት ማታ አለ። ያኔ የተፈጨ ሥጋ በሽንኩርትና በእንቁላል አሽቼ፣ ጠፍጠፍ አድርጌ እጠብሰዋለሁ፤ ግሬቪው ያው ነው። አሜሪካኖች ይሄን ሳልስበሪ ስቴክ ይሉታል። የተፈጨ የበሬ ሥጋ ለበሽተኞቻቸው መድኃኒት ነው ይሉ በነበሩ የ19ኛው ክፍለ ዘመን ሐኪም ስም ነው የተጠራው። የተፈጨ ሥጋ ግን መሀሉ ድረስ መብሰል አለበት፦ 71 ዲግሪ ሴልሺየስ። ቴርሞሜትር ርካሽ ነገር ነው፣ ግዙት።

የባለቤቴ ድርሻ ከሁሉ ቀድሞ ነው የሚወጣው። ድንቹ ከታች፣ ሥጋው ከላይ፣ ግሬቪው ሁሉን ሸፍኖ። ማይክሮዌቭ ሥጋን የሚያደርቀው ራቁቱን ሲያገኘው ነው፤ በግሬቪ የተሸፈነ ከሆነ ይተርፋል። ሥራ ቦታ እንደደረሰች ፍሪጅ ውስጥ ታስገባዋለች፤ የበሰለ ሥጋ ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አይቀመጥም። ቤት የቀረውም ፍሪጅ ውስጥ ሦስት አራት ቀን ይቆያል። በማግስቱ ረግቶ ብታዩት አትደንግጡ፣ ጠብታ ውሃ ጨምራችሁ ስታሞቁት ይመለሳል።

አሁን ቤታችን ውስጥ የቀረው ክርክር እንጉዳዩ ብቻ ነው። ባለቤቴ በትልቁ ይቆረጥ ትላለች። ትንሿ ደግሞ በዓይኗ ካየችው ትለቅመዋለች፣ ስለዚህ እኔ ድቅቅ አድርጌ እከትፈዋለሁ። ትናንትም ልትወጣ ስትል ክዳኑን ከፈት አድርጋ አየችና «ዛሬም ደበቅኸው አይደል?» አለችኝ። የምመልሰው ሳላገኝ አውቶቡሷ ደረሰባት።