ጓሳ ላይ ጭላዳና ሣር አጫጅን በአንድ ፍሬም ማስገባት

በሰሜን ሸዋ ባለው የመንዝ ጓሳ የሣር ሜዳ ላይ ዘጋቢ ፊልም ለሚቀርጽ የጭላዳ ዝንጀሮ ምስል ችግር አይሆንበትም፤ እሱስ ሞልቷል። የሚቸግረው ጭላዳውንና ሣር አጫጁን በአንድ ፍሬም ማግኘት ነው። ለየብቻ ተቀርጸው በኤዲቲንግ ከተቀጣጠሉ ተመልካቹ የዱር እንስሳ ፊልምና የገጠር ኑሮ ፊልም እየተፈራረቁ ይመጡበታል።

ብዙ ሰው 400 ሚሊ ሜትር ሌንስ ይዞ ይጀምራል። በፉል ፍሬም (ትልቅ ሴንሰር ባለው) ካሜራ፣ ኤፍ 11 ላይ (ኤፍ የሌንሱ ቀዳዳ መጠን ነው፤ ቁጥሩ ሲጨምር ቀዳዳው ይጠብባል)፣ ፎከሱ 60 ሜትር ላይ ባለው ጭላዳ ቢደረግ ጥርት የሚለው በግምት ከ53 እስከ 68 ሜትር ያለው ብቻ ነው፤ 110 ሜትር ላይ የሚያጭደው ሰው ይደበዝዛል። ወደ 200 ሚሊ ሜትር ሌንስ ወርዶ፣ በዚያው ኤፍ 11፣ ፎከሱን 120 ሜትር ላይ መቆለፍ ይሻላል። ያኔ ከ60 ሜትር ወዲያ ያለው ሁሉ ይጠራል። ኦቶፎከስ ይዘጋ፤ አለዚያ ነፋስ የሚያወዛውዘውን ሣር ሲከተል ይውላል።

በሰከንድ 25 ፍሬም ሲቀረጽ ሹተሩ 1/50 ሰከንድ ነው። አይኤስኦ (የካሜራው የብርሃን ትብነት) 800 ላይ፣ በዚያው ኤፍ 11፣ በጠራ ፀሐይ ብርሃን የሚቀንስ ኤንዲ 32 ፊልተር ይበቃል። ፊልተር የለም ብሎ ኤፍ 22 ድረስ መዝጋት ምስሉን ያለሰልሰዋል።

ጭላዳ ገደል ላይ አድሮ ጠዋት ወደ ሜዳው ይወጣል፤ ሲደነግጥም የሚሮጠው ወደ ገደሉ ነው። ስለዚህ በመንጋውና በገደሉ መካከል ትራይፖድ አይተከልም። ከሜዳው በኩል ዝቅ ብሎ፣ መንጋው እየጋጠ እስኪቀርብ መጠበቅ ነው። ቀይ ቀበሮ በመካከላቸው ሲያልፍ ከታየ ካሜራው አይጥፋ፤ ጭላዳዎቹ መሐል ሆኖ አይጥ ማደን ይቀናዋል።

ድምፅ ላይ ጠላቱ ነፋስ ነው። ማይኩ ጸጉራም መሸፈኛ ይፈልጋል፤ ከ80 ኸርዝ በታች ያለውም ይቆረጥ። የደረት ማይክ ጋቢ ሥር ከገባ ጨርቁ ይፈትገዋል፤ ከጋቢው ውጭ ይሁን። ቦታው ከ3,200 ሜትር በላይ ስለሆነ ብርዱ ባትሪ ይበላል፤ ትርፉ ባትሪ ከውስጥ ኪስ ይቀመጥ። ማታ ካሜራውን ሞቅ ካለ ቤት ሲያስገቡ ቦርሳው ወዲያው አይከፈት፤ ሌንሱ ላይ ላብ ይቋጥራል።

ቃለ መጠይቅ ላይ «ተፈጥሮን ይወዳሉ?» የሚል ጥያቄ አዎ ከማለት ያለፈ መልስ አያመጣም። «አባባ፣ ሣሩ በስንት ዓመት ይከፈት ነበር? ማን ይወስናል? ሳይፈቀድለት ማጭድ ይዞ የገባ ምን ይደረግ ነበር?» ሲባል ግን ወሬው ራሱ ወደ ቄሮ ሥርዓት፣ ማለትም ማኅበረሰቡ የጓሳን ሣር ይጠብቅበትና ይከፍትበት ወደነበረው የቀድሞ ደንብ፣ ይሄዳል፤ ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ በኋላ እንዴት እንደፈረሰም ይነሳል።

አጨዳ የሚቀረጸው ሣሩ ሲከፈት ብቻ ነው። ቀኑን አስቀድሞ ከማኅበረሰቡ አስጠባቂዎች መጠየቅ ግድ ነው። ዝግ ሆኖ ከተገኘ ደግሞ ጣሪያ ክዳኑና ገመዱ የጓሳ ሣር የሆነበት ቤት አለ፤ ቀረጻውን ከዚያ መጀመር ይቻላል።