ከሣጥን ያልወጣው አልጋ

ካለፈው ቅዳሜ ወዲህ አንድ አልጋ ከዓይኔ አልጠፋ ብሏል። በእንግሊዝ አገር፣ ከደርቢ ከተማ በስተደቡብ፣ ቲክናል ከተባለች መንደር አጠገብ፣ ካልክ አቢ በሚባል የባላባት ቤት ውስጥ በደብዛዛ ብርሃን ከመስታወት ጀርባ ቆሟል። እናቴ ጥልፍ ጠላፊ ነበረችና ጥሩ የእጅ ሥራ ካየሁ ዝም ብዬ አላልፍም። መጋረጃዎቹ የቻይና ሐር ናቸው፤ ጥቁር ሰማያዊም ነጭም አለባቸው። ወፎች፣ ዘንዶዎችና ሰዎች ተጠልፈውባቸዋል። ጠጋ ብዬ የዛፎቹን ግንድ አየሁ። ጉጦቹ የተሠሩት በክር ሳይሆን ጥብቅ ተደርጎ በተጠቀለለ የጣዎስ ላባ ነው። ጨርቁ ሦስት መቶ ዓመት ገደማ ሆኖታል፤ ቀለሙ ግን ትናንት የተነከረ ይመስላል።

ፀሐይ ስላላየው ነው። በ1734 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) እመቤት ካሮላይን ማነርስ ኋላ የቤቱ ጌታ የሆኑትን ሰር ሄንሪ ሃርፐርን አገቡ። እመቤቲቱ የንጉሥ ጆርጅ ዳግማዊ ልጅ የልዕልት አን ሚዜ ስለነበሩ አልጋው ከልዕልቲቱ የተሰጣቸው ስጦታ እንደሆነ ይታመናል። ከዚያ በኋላ ጨርቁ በሣጥን እንደታሸገ ቀረ፤ ትውልድ ሲተካ ሣጥኑን የፈታው አልነበረም።

ሃርፐሮች ርስቱን በ1622 በ5,350 ፓውንድ ገዙት። ዛሬ የሚታየውን ቤት ከ1701 እስከ 1704 ያሠሩት ሰር ጆን ናቸው። በቦታው ቀድሞ የመነኮሳት ቤት ነበረ። «አቢ» (ገዳም ማለት ነው) የሚለው ስም የተሰጠው ግን በ1808፣ ሰው መሸሽ በሚወዱት በሰባተኛው ባሮኔት (ከአባት ወደ ልጅ የሚወረስ የመኳንንት ማዕረግ ነው) ዘመን ነው። እኚህ ሰው ገረድ አግብተው ከመኳንንቱ ማኅበር ርቀው ኖሩ።

ሰው መሸሹ በዘር የወረደ ይመስላል። ከሁሉም የባሱት በ1886 የወረሱት ሰር ቮንሲ ናቸው። ወፍ፣ ቢራቢሮና እንቁላል ሲሰበስቡ ኖሩ፤ በገለባ የተሞሉት ወፎቻቸው ዛሬም የመስታወት ሣጥኖቹን ሞልተዋል። አውቶሞቢል ወደ ርስታቸው እንዳይገባ ከለከሉ። በአንድ ጣሪያ ሥር ከሚኖሩት ሴት ልጆቻቸው ጋር የሚነጋገሩት በደብዳቤ ነበር፤ ደብዳቤውን የሚያደርሰው አሽከር ነው። ጎብኚዎች ወፎቹን ሲያደንቁ እኔ ያሰብሁት እነዚያን ልጆች ነው። አባት ከጎን ክፍል ሆኖ በወረቀት ሲያዝዝ! ሰር ቮንሲ በ1924 ሲሞቱ ወንድ ልጃቸው ቀድሟቸው ስለነበር ቤቱ ለሴት ልጃቸው ለሂልዳ ደረሰ፤ ባሮኔትነቱም በዚያው አበቃ።

መብራት የገባው በ1962 ነው። በ1981 የጊዜው ወራሽ ቻርልስ በድንገት ሞቱና የውርስ ግብሩ ስምንት ሚሊዮን ፓውንድ ደረሰ። ወንድማቸው ሄንሪ የሚከፍሉበት ስላልነበራቸው ቤቱ በ1985 ወደ ቅርስ ጠባቂው ናሽናል ትረስት ተላለፈ። ሣጥኑ ተከፍቶ አልጋው የወጣው ያኔ ነው።

ቅርስ ጠባቂዎቹ ያደረጉት ነገር ልቤን ነክቶታል። ጣሪያውን ጠገኑ፤ የተላጠውን ቀለም ግን እንደተላጠ፣ በየክፍሉ የተከመረውንም እንደተከመረ ተዉት። ይህ ቤት በወርቅ ቀለም ቢዋብ ኖሮ የሰዎቹ ኑሮ ይጠፋ ነበር፤ እኔ አንድም ግድግዳ ባይነካ እመርጣለሁ።

እናቴ የማንንም ጥልፍ ስትመዝን መጀመሪያ ጨርቁን ገልብጣ ጀርባውን ታይ ነበር። ቋጠሮው የት እንደተደበቀ፣ ክሩ ከአበባ ወደ አበባ ምን ያህል እንደተጎተተ። እዚህ መስታወቱ አይፈቅድም። ጎንበስ ብዬ የአንደኛው መጋረጃ ጫፍ የታጠፈበትን ቦታ ፈለግሁ። ከሥር ጣት የምታህል ጀርባ የምትታይ መሰለኝ፤ የመዝጊያው ሰዓት መድረሱን አስጎብኚዋ እስክትነግረኝ ድረስ ዓይኔን ከዚያች አላነሣሁም።