ያለፈበት ወሬ ለምን ይጥማል?

ከአራት ኪሎ ወደ ስታዲየም በምሄድበት ታክሲ ውስጥ በብልግና ቀልዱ የታወቀውን የአሜሪካዊ የሬዲዮ አቅራቢ የሃዋርድ ስተርንን የቆዩ ቅጂዎች ማድመጥ ከጀመርኩ ወዲህ፣ ያለፈበት ወሬ ለምን እንደሚጥመኝ ደጋግሜ አስባለሁ። ብልግናው እንደሆነ ቶሎ ይሰለቻል። የስተርን አሠሪ ኩባንያ በፕሮግራሙ ብልግና ሳቢያ ለአሜሪካ መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1995 1.7 ሚሊዮን ዶላር መክፈሉን፣ እሱም በ2006 መጀመሪያ በስርጭት ላይ ብልግናን የሚከለክለው የመንግሥት ደንብ ወደማይደርስበት የሳተላይት ሬዲዮ መሻገሩን የሚያውቅ አድማጭ ግን፣ በቀድሞዎቹ ቅጂዎች ውስጥ ንግግሩ ከገደቡ ጫፍ ደርሶ ሲመለስ ያለው ውጥረት ይሰማዋል፤ በኋለኞቹ ይህ ስለሌለ ለእኔ ጣዕማቸው ቀንሷል። የሥራ ባልደረባው ሮቢን ኩዊቨርስ ሳቋ ሲያመልጣት እኔም አብሬ ስስቅ፣ ከጎኔ የተቀመጡት እናት ገልመጥ ያደርጉኛል (የምሰማውን ቢያውቁማ ከታክሲው ያስወርዱኝ ነበር)።

ከሁሉ የሚያስገርሙኝ ግን እንግዶቹ ናቸው። ጋዜጠኛ ፊት ቃሉን የሚመጥን ሰው፣ የሚያላግጥ አቅራቢ ፊት ይዘናጋል። የኢራቅን ወረራ ከመነሻው እቃወም ነበር ይሉ የነበሩት ዶናልድ ትራምፕ፣ በ2002 ስተርን ይደግፉት እንደሆነ ሲጠይቃቸው እያመነቱም ቢሆን «አዎን» ማለታቸው፣ በ2016ቱ የምርጫ ዘመቻ ከማኅደር ወጥቶ ጥያቄ አስነስቶባቸዋል።