ቁራኛ

ዛሬ ይህ ነው የምለው ምክንያት ሳይኖር ሲከፋኝ ዋለ። ምናልባት ብርዱ ይሆናል። ከዓምና ወዲህ ያልለበስኩትን ካፖርት ባወጣ ኪሱ ውስጥ አንዲት የታጠፈች ብጣሽ ወረቀት አገኘሁ፤ የፍርድ ቤት መዝገብ ቁጥር፣ ቀን፣ ከሥሩም በራሴ እጅ የተጻፈ «ለምርመራ» የሚል ቃል አለባት። ቀኑ ካለፈ ቆይቷል፤ ከዚያም ወዲህ «መዝገቡ ተመርምሮ ስላላለቀ» ሁለት ጊዜ ተቀጥረናል።

በእናቴ ቤት የሚኖረውን ዘመዴን ጋሼ መ.ን ቤቱን ጠይቄ ከከሰስኩት አራተኛ ዓመቱን ይዟል። የሚያናድደኝ በዚህ ሁሉ ጊዜ «ያጓተተው እሱ ነው» ብዬ የምጠቁመው አንድ ሰው ማጣቴ ነው። መጥሪያው ሳይደርስ ሲቀር እንደገና ይድረስ መባሉ ትክክል ነው፤ ሰው ሳይሰማ አይፈረድበትም። ጋሼ መ. ይርጋ ጠቅሶ፣ ማለትም የክስ ማቅረቢያው ጊዜ አልፏል ብሎ፣ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ማቅረቡም መብቱ ነው፤ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 244 ይፈቅድለታል። ዳኛው ሲዛወሩም፣ አዲሷ ዳኛ ያላነበቡትን መዝገብ ይፍረዱበት አልልም። ነሐሴ ሲገባ ደግሞ ዳኛም ሰው ነው፣ ያርፋል።

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው ጉዳዩን ለፍርድ ቤት የማቅረብ፣ ውሳኔም የማግኘት መብት እንዳለው ይናገራል፤ ነገር ግን መቼ የሚል ቃል የለበትም። በወንጀል ለተከሰሰ ሰው ግን አንቀጽ 20 ተገቢ በሆነ አጭር ጊዜ እንዲዳኝ ይደነግጋል። አንዳንድ ቀን፣ ቤት ከመጠየቅ ቤት መስበር ይሻል ነበር ያሰኛል። (ቀልድ ነው፤ እስር ቤት ያለ ሰውም ስለዚያ አጭር ጊዜ የሚለው እንደማያጣ አውቃለሁ።)

ባለፈው ቀጠሮ አግዳሚው ላይ ከጎኔ የተቀመጡት እናት በሰው ቤት ልብስ እያጠቡ የሚኖሩ ናቸው። የከሰሱት በደሃ ደንብ ስለሆነ የዳኝነት ገንዘብ አልከፈሉም፤ ሆኖም በተቀጠሩ ቁጥር የታክሲው ሲወጣ የዕለት ሥራቸው ይቀራል። «ከዳኝነቱስ ነፃ አሉኝ፤ ከቀጠሮው ማን ነፃ ያውጣኝ?» አሉኝ። ምን ብዬ እንደመለስኩላቸው አላስታውስም፤ አልመለስኩላቸውም መሰለኝ።

ከዚያ ወዲህ ሐሳቤ ሁሉ ወደ ቁራኛ ሄዷል። በድሮው ሙግት ከሳሽና ተከሳሽ በነጠላቸው ጫፍ ተቆራኝተው ዳኛ ፊት ይሄዱ ነበር ይባላል። ሥርዓቱን ለማወደስ አልቃጣም፤ ነገር ግን አንድ ፍርደ ገምድልነት አልነበረበትም፦ መንገዱ ሲረዝም ሁለቱንም እኩል ያደክማል፣ ዳኛው ሲጠፋም ሁለቱም እኩል ይራባሉ። የዛሬው ቋጠሮ የታሰረው በእኔ ጫፍ ብቻ ነው። ቀጠሮ ተሰጥቶን ስንወጣ ጋሼ መ. የሚመለሰው ወደ እናቴ ቤት ነው፤ የሰርቪስ ቤቱን ኪራይ የሚቀበለውም እሱ ነው፤ እኔ ደግሞ የራሴን ኪራይ ልከፍል እሄዳለሁ። እንግዲህ ለእሱ መጓተቱ ራሱ ፍርድ ነው፤ ያውም ይግባኝ የማይባልበት።

ግን መቆራኘቱስ ተቆራኝተናል። በልቅሶና በሠርግ ካልሆነ የማንገናኝ ዘመዳሞች፣ በክሱ ምክንያት በየጥቂት ወሩ እንገናኛለን። ባለፈው ጊዜ አረፍድ መስሎት ቦታ ይዞልኝ ቆየ፤ ስለ ደም ግፊቴም ጠየቀኝ። ፀጉሩ ሸብቷል። ፍርዱ ሲሰጥ፣ ማንም ይርታ ማን፣ ከዚያ በኋላ የት እንገናኛለን?

ማታ ቁጭ ብዬ ቀጠሮዎቹን አንድ በአንድ ቆጠርኳቸው፤ አሥራ አንድ ናቸው። ከእነሱ ውስጥ ሁለቱን የጠየቅሁት እኔው ራሴ ነኝ። የመጀመሪያውን ጠበቃዬ ታመው ነው። ለሁለተኛው ለችሎቱ የሰጠሁትን ምክንያት እዚህ አልጽፈውም፤ ጋሼ መ. ይህን ማስታወሻ ያነባል።