ቦዬ ረግረግ ላይ ክረምት የበላው ችግኝ

ጅማ ችግኝ ጣቢያ የምትሠሩ ልጆች ይህቺን አንብቧት፣ ለእናንተ ነው የጻፍኳት። ካቻምና ሐምሌ መጨረሻ ቦዬ ረግረግ ዳር ተከላ ወጣን፣ በመኪና የመጣልን ግራቪሊያም ዋንዛም ዶቅማም ድብልቅልቁ የወጣ ነው፣ ትእዛዙ ደግሞ በዕቅዱ ቀን ጉድጓዱ ሁሉ ይሙላ የሚል ነበር። እዚያው ከብት የሚጠብቁ አንድ አባት መጥተው «ልጆቼ፣ እዚህ ውሃ ይተኛል እኮ» አሉንና አንድ ትልቅ ዶቅማ ግንዱ ላይ ጉልበት ድረስ የደረቀ ጭቃ አሳዩን፣ ከዚያ በፊት የነበረው ዓመት ጎርፍ የተወው ነው። ኃላፊው ሰምቶ እሺ አባቴ አለና ሪፖርት ስላለበት ተከላው ቀጠለ።

ነሐሴ ላይ ውሃው መጣና ለሳምንታት ተኛበት። መስከረም ስንሄድ ግራቪሊያው አልቋል፣ ነቅለን ስናየው ሥሩ ጠቁሮ የበሰበሰ እንቁላል ይሸታል፣ ውሃ ያፈነው አፈር ውስጥ ኦክስጅን ሲያልቅ ሥር የሚሆነው እንደዚህ ነው። ዶቅማው ግን አብዛኛው ቆሟል፣ እሱ ድሮም የወንዝ ዳር ዛፍ ነው። በጣም የገረመኝ ዋንዛው ነው፣ ዝቅ ያለው ላይ አንድም የለም፣ ስንዝር ከፍ ያለች ጉብታ ላይ ያለው ግን ቅጠሉ ለምልሟል!

አንድ የሥራ ባልደረባችን አሜሪካ ሚሲሲፒ ሸለቆ ጎርፍ የሚተኛበት ሜዳ ላይ ኦክ የሚባለውን ዛፍ መልሰው ሲያለሙ እንዲሁ በከፍታ እንደሚለዩ ነገረን፣ ኦቨርካፕ የሚባለው የኦክ ዓይነት ውሃ የሚቆይበት ዝቅተኛው ላይ፣ ቼሪባርክ የሚባለው ውሃ ቶሎ የሚለቀው ጉብታ ላይ ይገባል። ግን እዚያ ጎርፉ በብዛት የሚመጣው ኦኩ ቅጠሉን አራግፎ በተኛበት በብርዱ ወራትና ብርዱ ሊያልቅ ሲል ስለሆነ ያን ያህል አይጎዳውም፣ የኛ ጎርፍ ግን ችግኙ በሚያድግበት ሰዓት፣ ያውም በተተከለ በወሩ ነው የሚደርስበት። ስለዚህ የነሱን የተከላ ቀን መኮረጅ አያዋጣም፣ ከፍታ አለያየቱን ግን መውሰድ አለብን።

አሁን ነሐሴ ላይ ራሳችን ሄደን ውሃው የደረሰበትን በካስማ ምልክት እናደርጋለን፣ ዝቅተኛው ለዶቅማ፣ ጉብታው ለዋንዛ። የዶቅማ ፍሬ ከደረቀ አይበቅልምና እንደተለቀመ ትኩሱን መዝራት ነው፣ ስቶር ውስጥ አስቀምጦ በኋላ ማለት የለም። ረግረጉ ላይ ተከላው ግንቦት ይሁንልን፣ ጎርፉ ሳይደርስ ሥር ይያዝ ብለን በጽሑፍ ጠይቀናል፣ መልስ ገና አልመጣም፣ እኛ ግን ውሃው እንዳያሰጥማቸው ቁመታቸው ረዘም ያሉትን ችግኞች ለብቻ መለየት ጀምረናል።