የአዲስ ዓለም ሰዎች

ስለ አዲስ ዓለም የተጻፈውን ያነበበ ሰው ከተማዋን የሚያውቃት ሳትሆን በቀረችው ነገር ነው። ዐፄ ምኒልክ ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ 55 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው አዲስ መናገሻ ሊያቆሙ ጀምረው እንደ ነበር፣ በኋላ ግን ባሕር ዛፍ አዲስ አበባን ከማገዶ ችግር ስላዳናት ሐሳቡ እንደ ቀረ በአጭሩ ይነገርና ታሪኩ እዚያው ይዘጋል። እኔ ተወልጄ ያደግሁት በአዲስ አበባ ዳር በቡራዩ ቢሆንም፣ የእናቴ ወገኖች የአዲስ ዓለም ሰዎች ናቸው፤ ስለዚህ ይህ አተራረክ ዘወትር ቅር ያሰኘኛል። መናገሻው ሳይመጣ ቀረ እንጂ እዚያ የሰፈረው ሰው አልተነሣም። ልጅ ወልዷል፣ አርሷል፣ ነግዷል፣ ሙቶም በማርያም ደጅ ተቀብሯል፤ የእርሱን ኑሮ ግን የጻፈለት ጥቂት ነው።

የማገዶው ችግር ቀላል ነገር አልነበረም። በዚያ ዘመን ንጉሡ ባሉበት መኳንንቱ፣ ሠራዊቱ፣ ካህናቱ፣ ነጋዴውና አገልጋዩ ሁሉ ተከትሎ ይሰፍራል፤ ይህ ሁሉ ሰው እንጀራ ይጋገርለታል፣ ጠላና ጠጅ ይጠመቅለታል፣ ጎጆ ይቀለስለታል፣ ክረምት ሲገባም እሳት ይሞቃል። ይህ ሁሉ ከእንጨት ነው። ዐፄ ምኒልክ አንኮበርን፣ ልቼንና እንጦጦን አልፈው በ1879 ዓ.ም. ወደተቆረቆረችው አዲስ አበባ ሲወርዱ፣ ከጀርባቸው የነበረው የእንጦጦ ተራራ እየተመነጠረ ነበር። ከዐድዋ ድል በኋላ ደግሞ የከተማው ሕዝብ በዛ፤ እንጨት ለማምጣት የሚኬደውም መንገድ በዚያው መጠን ረዘመ። ዛሬም ከእንጦጦ ጭራሮና ቅጠል ተሸክመው፣ ወገባቸው ጎብጦ ቁልቁል የሚወርዱትን እናቶች ያየ ሰው፣ የዚያን ጊዜው ሸክም ምን እንደሚመስል ለመገመት አይቸገርም። ስለዚህ ንጉሡ ወደ ምዕራብ ማየታቸው፣ ጥድና ወይራ ወዳልጠፋበት አገር መቅረባቸው፣ የኖረውን ልማድ መከተላቸው ነበር።

አዲስ ዓለም የተቆረቆረችው እ.ኤ.አ. በ1900 ገደማ ነው። ቦታው አስቀድሞ ኤጀሬ ይባል ነበር፤ ዛሬም ወረዳው የሚጠራው በዚሁ ስም ነው። በኮረብታው ላይ ቤተ መንግሥት መሠራት ተጀመረ፣ ከአዲስ አበባ ወደዚያ የሚወስድ መንገድም ተጠረገ፤ ይህ መንገድ በአገሪቱ ከተሠሩት የመጀመሪያዎቹ ዘመናዊ መንገዶች አንዱ ነው። ዛሬ ከአስኮ መናኸሪያ ተነሥተን፣ ገፈርሳን፣ መናገሻ የምትባለውን ከተማና ሆለታን አልፈን የምንሄድበት የአምቦ መስመር የዚያ ሥራ ወራሽ ነው።

ሐሳቡ እንዴት እንደ ተለወጠ ሲነገር ምስጋናው ሁሉ ለባሕር ዛፍ ይሰጣል። ባሕር ዛፍ በ1887 ዓ.ም. ገደማ ወደ አገራችን ገባ፣ በፍጥነት አደገ፣ ንጉሡም ሕዝቡ እንዲተክለው አበረታቱ፤ ይህ እውነት ነው። ነገር ግን የአንድን ከተማ ምድጃ የሚያነድድ ደን በጥቂት ዓመት አይደርስም። እኔ እንደማምነው የድንጋይ ቤቶቹም ድርሻ ከዛፉ አያንስም። ከዐድዋ በኋላ የአውሮፓ መንግሥታት ልዑካን በአዲስ አበባ መሬት ተሰጥቷቸው ቋሚ ቤት መሥራት ጀምረው ነበርና፣ ያንን ጥለው እንደ ድንኳን ሰፈር ለመነሣት ፈቃደኛ አልነበሩም። መኳንንቱም ቢሆኑ በአዲስ አበባ ግቢያቸውን አጥረው ነበር። ከጅቡቲ የተነሣው የባቡር ሐዲድም እ.ኤ.አ. በ1902 ድሬዳዋ ደርሶ ነበር፤ በምሥራቅ በኩል የሚመጣ ሐዲድ እያለ ዋና ከተማውን ወደ ምዕራብ ማራቅ ለንግዱ የሚመች አልነበረም። ባቡሩ አዲስ አበባ የገባው እ.ኤ.አ. በ1917፣ ንጉሡ በ1906 ዓ.ም. ካረፉ በኋላ ነው። በኮረብታው ላይ የተጀመረው ሕንፃ ግን ገና በጠዋቱ ለእመቤታችን ተሰጥቶ የደብረ ጽዮን ማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ።

እስከዚህ ያለው በመጻሕፍት የሚገኝ ነው። የማይገኘው ግን ኤጀሬ ባዶ መሬት እንዳልነበረ ነው። አንድ በዕድሜ የገፉ የኦሮሞ አባት ቤት ሄጄ፣ በረንዳቸው ላይ ተቀምጠን ቡና እየጠጣን፣ «አባባ፣ ንጉሡ ሲመጡ እዚህ ምን ነበር?» ብዬ ጠየቅኋቸው። «ሰው ነበር፣ ከብት ነበር፣ እርሻ ነበር። ጫካ ብቻ የነበረ አስመስለው የሚያወሩት ያላዩት ናቸው፤ እኛ ከአያት ከቅድመ አያታችን የሰማነው ይህንን ነው» አሉኝ። ከዚያም በእጃቸው እያመለከቱ፣ ውኃው የቱ ጋ እንደሚወርድ፣ ከብቶቹ በየት በኩል እንደሚሰማሩ፣ የእርሳቸው ቤተሰብ የትኛውን ዳገት ለቅቆ ወደ የትኛው ሜዳ እንደ ወረደ አንድ በአንድ ነገሩኝ። መናገሻ በሚቆረቆርበት ጊዜ ቦታ የሚለቅ ሰው አለ፤ ይህንን ሳያነሡ ስለ ከተማዋ ምሥረታ በደስታ ብቻ መጻፍ ትክክል ነው ብዬ አላምንም። መናገሻው ባለመምጣቱ ያዝኑ እንደሆነ ስጠይቃቸውም ሲኒያቸውን አስቀምጠው፣ «መጥቶ ቢሆን ኖሮ ይህ የማርሰው መሬት የማን ይሆን ነበር?» ብለው መልሰው ጠየቁኝ።

የእናቴ ቅድመ አያት ደግሞ በሌላው በኩል የመጡ ሰው ናቸው። በቤተሰባችን እንደሚነገረው ከሰሜን ሸዋ ለግንባታው ሥራ የመጡ አናጢ ሲሆኑ፣ ሥራው ሲያልቅ አገራቸው አልተመለሱም፤ የአካባቢውን ልጅ አግብተው እዚያው ቀሩ። እንዲህ ያለው ነገር በብዙ ቤት ይሰማል። ወታደር የነበረው መሬት ተመርቶ ገበሬ ሆነ፣ ካህኑ ደብር አገኘ፣ ጠጅ ጣይዋ ደንበኞቿ ሲቀንሱ ገበያ ወጥታ ጌሾና ቅቤ መነገድ ጀመረች። አያቴ የልጅ ልጆቿን የምትቆጣው በኦሮምኛ ነበር፤ የምትመርቀን ግን በአማርኛ ነው፤ ጸሎቷን ስታደርስም ግእዙን እንደ ሰማችው ትደግመዋለች። እርሷ ሦስቱንም የእኔ ናቸው ትል ነበር። የከተማዋ ሕዝብ የተሠራው እንዲህ ነው፤ ይህንንም በመጽሐፍ ሳይሆን በምድጃዋ ዳር ነው የተማርሁት።

አዲስ ዓለም ዛሬ ከምትኖርባቸው ነገሮች አንዱ ያው ባሕር ዛፍ ነው። ያጎቴ ጓሮ በስተኋላ በኩል ሁለት ሰው እጅ ለእጅ ተያይዞ የማያቅፈው ጉቶ አለ። ዛፉ በተቆረጠ ቁጥር ከጉቶው ዙሪያ ብዙ ቀንበጥ ይወጣል፤ አጎቴ ቀጥ ብለው የወጡትን ሦስት አራቱን መርጠው ያስቀሩና ሌላውን በገጀራ ይመለምሉታል። ቀጭኑ ለማገር፣ ወፈር ያለው ለአጣና፣ ጠንክሮ የቆየው ለቋሚ ይሸጣል፤ ቅጠሉና ጭራሮው እዚያው ቤት ምጣድ ሥር ይገባል። ልጅ የዳሩትም፣ ዩኒቨርሲቲ የላኩትም በዚህ ነው። ጭነት መኪናው መጥቶ አጣናውን ሲጭን ገዢው ወፍራሙን ጫፍ በስንዝር እየለካ ይከራከራል፣ አጎቴም የቆረጡትን ጉቶ እያሳዩ የዓመቱን ቁጥር ይነግሩታል። አጣናው የሚሄደው ወደ አዲስ አበባ ነው፤ በየፎቁ ዙሪያ ታስሮ ግንበኛውን የሚሸከመው መወጣጫ በአመዛኙ እንደዚህ ካሉ ጓሮዎች የወጣ ነው።

ዛፉ ግን የሚያስከፍለውም አለ። በአጥሩ ሥር የተዘራው ባቄላ ከሌላው ግማሽ ቁመት አይደርስም፤ ምንጭ አጠገብ ሲተከልም ውኃውን ይመጥጠዋል እየተባለ በጎረቤት መካከል ክርክር ያስነሣል። አጎቴ ራሳቸው በወንዙ በኩል ያለውን ነቅለው ግራር ተክለውበታል። አምናም ታችምና ገንዘቡ ቢያስፈልጋቸውም ውሳኔያቸውን አልለወጡም፤ በዚህ አከብራቸዋለሁ።

ኅዳር 21 ቀን የጽዮን ማርያም በዓል ሲደርስ ከተማዋ ሌላ ትሆናለች። ከአዲስ አበባ፣ ከሆለታና ከአምቦ የሚመጣው ምእመን ከዋዜማው ጀምሮ ኮረብታውን ይሞላዋል፣ በየቤቱ እንግዳ ያድራል፣ ዳቦ ይደፋል፣ ጠላ ይጠመቃል። ወቅቱ የአጨዳ ስለሆነ ገበሬው የጤፉን ነገር አስተካክሎ ነው የሚመጣው፤ ማልዶ ደርሶ ታቦቱን ሸኝቶ ወደ ማሳው የሚመለስም አለ። በቤተ ክርስቲያኑ ግቢ የነገሥታት ስጦታዎችና ንዋያተ ቅድሳት የሚጠበቁበት ሙዚየም አለ። በልጅነቴ እናቴ እጄን ይዛ እዚያ ስታስገባኝ ዓይኔ የሚያርፈው በወርቅና በሐሩ ላይ ነበር። አሁን ስገባ ግን የማስበው ከበሩ መቃን ጀምሮ ያለውን እንጨት ማን እንደ ጠረበው ነው። ከመናገሻ ጫካ ግንዱን ማን ጎተተው? በስንት በሬ? ሌሊቱን የት አደሩ? ይህንን የሚነግር ጽሑፍ በመስታወቱ ውስጥ የለም።

ይህ አሁን የሚያስጨንቀኝ ያለ ምክንያት አይደለም። ቡራዩ ልጅ ሳለሁ ከአዲስ አበባ የሚለየን የገብስ ማሳ ነበር፤ ዛሬ የት ላይ እንደምናልቅና አዲስ አበባ የት ላይ እንደምትጀምር ለእንግዳ ማሳየት አይቻልም። ማሳው ሲጠፋ የየመስኩ ስም አብሮ ጠፋ። «የከብት ማጠጫው» ሲባል የት እንደሆነ የሚያውቁት ከእኔ ዕድሜ በላይ ያሉት ብቻ ናቸው፣ ልጆቼ ግን ያንኑ ቦታ የሚጠሩት በታክሲ ማቆሚያው ስም ነው። ግንባታው በዚሁ መስመር ወደ መናገሻና ወደ ሆለታ እየገፋ ነው። አዲስ አበባ ከመቶ ዓመት በፊት ወደ አዲስ ዓለም ሳትሄድ ቀረች፤ አሁን ግን በራሷ ጊዜ እየቀረበች ነው፤ ስትደርስ በቡራዩ የሆነው እዚያም እንዳይሆን እፈራለሁ።

ስለዚህ ከሽማግሌዎቹ የሰማሁትን በደብተር መያዝ ጀምሬያለሁ። መጀመሪያ የምጠይቀው ስለ ንጉሡ አይደለም፤ ስለ ንጉሡ ከጠየቅሁ ሁሉም የሚመልስልኝ ከትምህርት ቤት መጽሐፍ የተማረውን ነው። የምጠይቀው ስለ ምንጮቹ ስም፣ ስለ ገበያው ቀንና ስፍራ፣ የትኛው ቤተሰብ ከየት እንደ መጣ፣ ጤፍ በቁና ሲሰፈር ቁናው የማን ቤት ይቀመጥ እንደ ነበር ነው። በጠላት ወረራ ዘመን ማን ጫካ እንደ ገባና ማን ስንቅ ያቀብል እንደ ነበርም እጠይቃለሁ፤ በዚህ ላይ ሴቶቹ ከወንዶቹ የበለጠ ያስታውሳሉ፤ ስንቁን ያዘጋጁት እነርሱ ናቸውና። አንዲት እናት ሦስት ትውልድ ቆጥረው የመንደሩን ሴቶች ከነመጡበት አገር ነገሩኝ፤ ከመካከላቸው አንዷ የዚያ አናጢ ሚስት፣ የእናቴ ቅድመ አያት ናት፤ ስሟን በቤታችን የሚያውቅ ሰው አልነበረም። በሚቀጥለው ጊዜ ስሄድ እናቴን ይዣት እሄዳለሁ፤ ለእኔ ከሚነግሩኝ ይልቅ ለእርሷ የሚነግሯት ይበዛል።